የጢባርዮስ የሰም ፊት

በሮማውያን የወደብ ከተማ በፑቲዮሊ ባለጸጋ ሲሞት መጀመሪያ የሚጠራው ሬሳ አጣቢው ነው፤ ቀጥሎ መለከት ነፊዎቹ፤ ከዚያ ፊሌሮስ። አጣቢና ነፊ የትም ከተማ አይጠፋም። ፊሌሮስ ግን ሟቹን ራሱን ነበር የሚሆነው። የሟቹን ልብስ ለብሶ፣ ከሰም የተሠራውን የሟቹን ፊት አጥልቆ፣ ከቃሬዛው ኋላ እንደ ሟቹ ይራመዳል፤ እንደ ሟቹ ያስላል፤ ሟቹ በሕይወት ሳለ ይጠላቸው የነበሩትን ዘመዶች በየስማቸው እየጠራ ይዘልፋቸዋል። ቤተሰቡ ያለቅሳል፣ ይስቃል፣ መልሶ ያለቅሳል። ወጉ እንዲህ ነው። ሥራው ጥሩ የሆነለት ቀን ሚስቲቱ ራሷን ትስታለች። እጅግ ጥሩ የሆነለት ቀን የሟቹ ውሻ ቤቱ ድረስ ይከተለዋል። ፊሌሮስ በዚህ መንገድ አምስት ውሾች አግኝቷል።

የሙያው ክፉ ነገር ሬሳ ምንም አለማስተማሩ ነው። ሰውን ማጥናት በቁሙ ነው። ስለዚህ ፊሌሮስ መታጠቢያ ቤት ይገባል፣ ችሎት ይቀመጣል፣ ወደብ ላይ ይቆማል፤ ያያል። የሚታዩትም ያውቁታል። አንድ የእህል ነጋዴ በእንፋሎቱ መሃል ዕርቃኑን ቆሞ፣ «ምን ታፈጥብኛለህ? እኔ እንደሆንኩ ገና ነኝ!» ብሎ ጮኸበት። ፊሌሮስም፣ «አይቸኩሉ ጌታዬ፣ እኔም ገና ነኝ» አለው። ሰውየው ወር ሳይሞላው ሞተ። ፊሌሮስ ከልቡ አዘነ፤ የግራ እግሩን አረማመድ ገና አልጨረሰውም ነበር።

በመጋቢት መግቢያ ኔቮሌዮስ ቤቱ መጣ። ኔቮሌዮስ የከተማውን ቀብር ሁሉ የሚያሰናዳ ሰው ነው፤ ቃሬዛውም፣ አልቃሾቹም፣ ችቦውም፣ ፊሌሮስም የሚታዘዙት በእሱ ነው። በክንዱ የዳቦ ቅርጫት አንጠልጥሏል።

«ሽማግሌውን አዘጋጅልኝ» አለ፣ ሳይቀመጥ።

የትኛውን ሽማግሌ ብሎ የሚጠይቅ በዚያ ሰሞን አልነበረም። ጢባርዮስ ቄሣር አሥራ አንድ ዓመት ካፕሪ ደሴት ላይ ተደብቆ ከኖረ በኋላ ወደ የብስ ወጥቶ፣ ከባሕረ ሰላጤው ማዶ ሚሴኑም ላይ ታሞ ተኝቷል። ዕድሜው ሰባ ሰባት ነው። የተኛበት ቤት ከፊሌሮስ ጣሪያ ላይ ይታያል።

«ሰውየው በሕይወት አለ እኮ» አለ ፊሌሮስ።

«የለም አልኩህ እንዴ?»

«ቄሣር መቼ ይሞታል ብሎ ኮከብ ያስቆጠረው ሰውዬ ምን እንደሆነ ያውቃሉ።»

«ኮከብ ቁጠር አላልኩህም። ተራመድ ነው ያልኩህ። ሬሳው ወደ ሮማ ሲሄድ በኛ በኩል ነው የሚያልፈው። ከተማው ባዶ እጁን ይቁም? ወይስ የካፑዋውን ሰው ልጥራ?»

ኔቮሌዮስ ሰውን በየት በኩል እንደሚነዱት ያውቃል። የካፑዋው አስመሳይ ሟቹን ሁሉ አንካሳ አድርጎ የሚያሳይ ሰው ነበር። አንካሳ ሆኖ የማያውቅ ዳኛ ሳይቀር አስነክሶ ቀብሯል። ፊሌሮስ ጠረጴዛው ላይ ያለውን ወደ ጎን ገፋ አደረገ። እሺታው ይህ ነበር፤ ኔቮሌዮስም ቅርጫቱን ጠረጴዛ ላይ አኑሮት ሄደ። ከዳቦው ሥር የቄሣር ፊት ነበር፤ ከሰም የተሠራ፣ ቀለም የተቀባ፣ ከንፈሩ ገጥሞ።

ፊሌሮስ ጢባርዮስን ያየው አንድ ጊዜ፣ ከመርከብ ሲወርድ ነበር። ያ በቂ ነበር። ሰውየው አንገቱ ድርቅ ያለ፣ ራሱን ትንሽ ወደ ኋላ የጣለ፣ ወደ ጎን ማየት ሲፈልግ ሙሉ ገላውን የሚያዞር፣ አፉን የማይከፍት ነው። የሚናገሩት ጣቶቹ ናቸው፤ ቀስ ብለው፣ የማይታይ ነገር እንደሚያሹ። ፊሌሮስ ይህን ሁሉ ሳያስበው ይዞት ቀርቶ፣ አንድ ማለዳ ውሃ ሊቀዳ ሲሄድ ሚስቱ አምፕሊያታ አየችው።

«ይሄ ማነው ደግሞ?» አለች።

«ማንም።»

«ማንም እንዲህ አይራመድም» አለች። አምፕሊያታ የአልቃሾች አለቃ ናት፤ በሥራዋ የተነሣ ሌላ ሰው የማያስተውለውን ታስተውላለች። «በጎረቤታችን በሳቢዲዮስ ፊት ብቻ እንዳትራመደው።»

ሳቢዲዮስ ጆሮ ጠቢ ነበር። የሚያፍርበትም አልነበረም፤ እንደ ጫማ ሰፊነት ሙያ ነው። በቄሣር ላይ ወንጀል ሠርቷል ብሎ የከሰሰው ሰው ሲፈረድበት ሕጉ ከንብረቱ ሩብ ይሰጠዋል። የተከሰሰው ሰው ደግሞ ታንቆ ይገደላል። የቄሣር ፊት ላይ የሚሠራ ወንጀል ደግሞ ብዛቱ ለጉድ ነው፤ ሐውልቱ ፊት ልብስ ማውለቅ፣ ምስሉን ይዞ መጸዳጃ ቤት መግባት፣ ከድንጋይ ትከሻው ላይ ጭንቅላቱን ማንሳት። ሳቢዲዮስ ሁሉንም በቃሉ ያውቃቸዋል።

በመጋቢት አጋማሽ አንድ ቀን ረፋዱ ላይ ከሚሴኑም መንገድ አንድ ፈረሰኛ መጣ። «ሞተ! ትንፋሹ ተቋረጠ! ጋይዮስ ቄሣር ሆነ!» እያለ ገበያውን አቋርጦ አለፈ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ከተማው ቆይቶ አላስታውስም አለ። ሰው ሰውን ሳመ። የወይን ጠጅ ቤቱ ጋን ተከፈተ። ወጣት ነው፣ ደግ ነው፣ ሕዝብ ይወደው የነበረው የአባቱ ልጅ ነው ተባለ ስለ አዲሱ፣ ስለ ሽማግሌው ወራሽ። ከዚያ አንዱ፣ «ሽማግሌውን አምጡልን!» አለ። ሽማግሌው የት እንዳለ ማን እንደነገራቸው አይታወቅም፤ ኔቮሌዮስ ግን ከፊት ከፊት ነበር።

«ቀብሩ ይድረስ እንጂ» አለ ፊሌሮስ፣ በር ላይ።

«ሕዝቡ ለቀብሩ ይለማመድ!» አለ ኔቮሌዮስ። «ና ውጣ፣ አታስለምነን!»

ፊሌሮስ ፊቱን አጠለቀ። እውነቱን ለመናገር ብዙም አላስለመነም። ሁለት ሳምንት ሙሉ አንድ ትልቅ ሰው በሆዱ ይዞ ለማንም ሳያሳይ ነው የከረመው።

ገበያው መሃል ሲደርስ መቶ ሰው ሁለት መቶ ሆኗል። አንገቱን አደረቀ። ከዓሣው ወደ አትክልቱ ተራ፣ ከአትክልቱ ወደ ሥጋው ተራመደ።

«ቄሣር ሆይ! አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ የት ከረምክ?» ብሎ አንድ ሸክላ ሻጭ ጮኸ።

ፊሌሮስ ሙሉ ገላውን አዙሮ አየው። አልመለሰም። ሁለት ጣቶቹ ብቻ ተንቀሳቀሱ።

«የሞት ፍርድ ደብዳቤ ጻፈብህ! በቃ አለቀልህ፣ ሚስትህን ተሰናበት!» አለ ሌላው። ሰው በሳቅ ተንፈራፈረ።

ዓሣ ሻጯ አንድ ጥሬ ዓሣ በጅራቱ አንጠልጥላ፣ «ይብሉልኝ ጌታዬ! አሁን ከባሕር የወጣ ነው!» አለችው።

ፊሌሮስ ዓሣውን ረጅም ጊዜ አየው። ከዚያ በዚያ በከባዱ፣ በሚጎተተው ድምፅ የመጀመሪያ ቃሉን ተናገረ። «መጀመሪያ አንቺ ቅመሽው።»

ገበያው ፈነዳ። ከሁሉም በላይ የሳቀው ወይን ጠጅ ቤቱ በር ላይ የተቀመጠው ሳቢዲዮስ ነበር፤ እንባውን በእጅጌው እየጠረገ ጠረጴዛውን ይደልቃል።

ያን ጊዜ ሁለተኛው ፈረሰኛ ደረሰ።

«ተነሥቷል! ዓይኑን ገልጧል! ምግብ አምጡልኝ ብሏል!»

ፈረሱ ቆሞ ያናፋል። ዓሣ ሻጯ ዓሣውን አንጠልጥላ እንደቀረች ነው፤ ከፈረሱ ሌላ የሚንቀሳቀስ የለም። ከዚያ ከኋላ በኩል አንድ ቀጭን ድምፅ፣ «እሰይ፣ አማልክት ይመስገኑ» አለ። ይሄኔ ሁሉም ማመስገን ጀመረ፤ ማን ከማን ያንሳል፣ እየተሻሙ። እያመሰገኑም ለፊሌሮስ ቅርብ የነበሩት አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አሉ። ደግሞ አንድ። ብዙም ሳይቆይ ፊሌሮስ በባዶ ክብ መሃል ብቻውን ቆሞ ነበር፤ በሕይወት ያለ ቄሣርን ፊት አጥልቆ። ኔቮሌዮስ የቆመበት ቦታ ላይ ኔቮሌዮስ የለም።

ሳቢዲዮስ ሳቁን ጨርሶ፣ እጅጌውን አስተካክሎ፣ ሳይቸኩል ተነሣ።

ፊሌሮስ እጁን ወደ ፊቱ ሊሰድ ሲል ቆመ። በሁለት መቶ ምስክር ፊት የቄሣርን ጭንቅላት ሊያወልቅ? ልሩጥ አለ በልቡ፤ የሚሮጥ ቄሣር ደግሞ ሌላ ወንጀል ነው። የቀረው አንድ ነገር ነበር። አንገቱን እንዳደረቀ፣ እንደ ጢባርዮስ፣ ወደ ቤቱ ተራመደ። ሕዝቡ መንገድ ለቀቀለት። አንድ ሽማግሌ ግራ ተጋብቶ እጅ ነሣ፤ ተጸጸተና ቀና አለ፤ የባሰ ፈራና መልሶ እጅ ነሣ። ፊሌሮስ በሕይወቱ እንደዚያን ቀን አስመስሎ ተራምዶ አያውቅም። ከሰሙ ሥር ላቡ ዓይኑ ውስጥ ይገባ ነበር።

በሩ ሲዘጋ ፊቱን አውልቆ ጠረጴዛው ላይ አኖረው። እሱም አምፕሊያታም ቆመው አዩት። ፊቱም አያቸው።

«ምድጃው እየነደደ ነው» አለች አምፕሊያታ።

«የቄሣርን ምስል በሰም ሠርቶ እሳት ላይ! ምን እንደሚባል ታውቂያለሽ? ድግምት ነው የሚባለው። አንቺንም ይጨምሩሻል።»

«እንቅበረው።»

«ያው ድግምት ነው። ይብሳል እንጂ።»

«ባሕር እንጣለው።»

«ሰም እኮ ይንሳፈፋል፣ አንቺ ሴትዮ። ተንጋልሎ እየተንሳፈፈ ሚሴኑም ይደርሳል።»

አምፕሊያታ ለመፍራት ጊዜ አልነበራትም። ፊቱን አነሣችና በግድግዳው ውስጥ ወደተቦረቦረው የቤቱ አማልክት መቀመጫ ወስዳ በትንንሾቹ ምስሎች መሃል አቆመችው። ፊቱ ከነሱ ሁሉ ይበልጥ ስለነበር ሁለቱን ወደ ጎን ገፋ አደረገቻቸው። ፋኖስ ለኮሰች፣ ትንሽ ጨው በተነች፣ ካለፈው ሳምንት ቀብር የተረፈ የአበባ ጉንጉን ደፋችለት።

«ለጤናው እየጸለይን ነው» አለች።

በሩ ተንኳኳ።

የመጣው ወደቡን የሚጠብቁት መርከበኞች የመቶ አለቃ ነው፤ ሽበታም፣ አፍንጫው አንድ ጊዜ ተሰብሮ በሌላ አቅጣጫ የተገጠመ። ከኋላው ሳቢዲዮስ ክስ የሚጽፍበትን የሰም ጽላት በብብቱ ይዞ ቆሟል።

«ጤና ይስጥልኝ ጎረቤቴ» አለ ሳቢዲዮስ። «ይቅርታ፣ ለሥራ ነው የመጣሁት።»

የመቶ አለቃው የአማልክቱን መቀመጫ አየ፤ ፋኖሱን አየ፤ ጉንጉኑን አየ። «ዛሬ ገበያ ላይ የቄሣርን ፊት አጥልቀሃል?»

«አጥልቄአለሁ ጌታዬ» አለ ፊሌሮስ።

«የሞተ ሰው ፊት ነው የምታጠልቀው ይሉኛል። ሥራህ ነው ይሉኛል።»

«ሥራዬ ነው።»

«እንግዲህ ቄሣር ሞቷል ብለህ ነው ያጠለቅከው።»

ሳቢዲዮስ ጽላቱን ከፈተ። ፊሌሮስ ምን እንደሚል ሳያውቅ አፉን ከፈተ፤ የወጣውም ለራሱ አዲስ ነበር።

«ጌታዬ፣ ሞቷል ያለው ከተማው ነው። እኔ ምን አልኩ? ምንም። በእግሩ ሲሄድ አሳየኋቸው። ሲያይ፣ ሲሰማ፣ ምግብ ሲመርጥ አሳየኋቸው። ዛሬ ጠዋት በፑቲዮሊ ቄሣር ይሄዳል ያልኩ ብቸኛው ሰው እኔ ነኝ። የሳቁትን ይጠይቁ። አቶ ሳቢዲዮስ ከሁሉም አስበልጠው ስቀዋል።»

«ሳቅሁ እንጂ አላፌዝኩም» አለ ሳቢዲዮስ።

የመቶ አለቃው አፍንጫውን አሻሸ። ፊሌሮስ አላወቀም እንጂ ሰውየው ራሱ የመጀመሪያው ወሬ ሲመጣ ለጋይዮስ ለመማል የጦር ሰፈሩን አቋርጦ ሮጦ ነበር፤ መሐላው አፉ ላይ ሳለ ነው ሁለተኛው ወሬ የደረሰው። ከዚያ ወዲህ አለቆቹን ቀና ብሎ ማየት አልቻለም። እንዲህ የዋለ ሰው ሌላ ወንጀለኛ አግኝቶ ወደ አለቆቹ መመለስ ይፈልጋል።

«ዘጠኝ ዓመት ካፕሪ ላይ ዘብ ቆሜለታለሁ» አለ። «አክብረኸው እንደሆነ ወይ አላግጠህበት እንደሆነ እኔ እለየዋለሁ። አጥልቀው። ተራመድ።»

«ትእዛዝ ነው ጌታዬ?»

«ትእዛዝ ነው። ትንሽ ካላገጥክ እዚሁ ነው የማስርህ።»

ፊሌሮስ ጉንጉኑን አንሥቶ ፊቱን አጠለቀ። ገበያ ላይ ያሳየው ጢባርዮስ ትንሽ የተነፋ ነበር፤ አንገቱ ትንሽ የበዛ፣ ጣቶቹ ትንሽ የበዙ፣ ሰው የሚስቅበት ያህል። ያንን ማራገፍ ነበረበት። የሚፈራ ሰው ደግሞ ጢባርዮስን መሆን አይችልም፤ ጢባርዮስ የሚፈራው መርዝን እንጂ የመቶ አለቃን አይደለም። ፊሌሮስ ዓይኑን ጨፈነ። ሰው ሁሉ ሰልችቶት፣ ሰው ሁሉ ሊገድለው እንደሚፈልግ የሚያውቅ፣ ብዙ ጊዜም ያልተሳሳተ አንድ ሽማግሌ ሆነ።

ከአማልክቱ መቀመጫ ወደ ምድጃው፣ ከምድጃው ወደ በሩ ተራመደ። ስድስት እርምጃ ነው። ክፍሉ ውስጥ ማንም ያለ አይመስልም ነበር፤ እንዳላያቸው ሁሉ። ሳቢዲዮስ ፊት ሲደርስ ቆመ። ሙሉ ገላውን አዞረ። ጽላቱን አየ፤ ከጽላቱ ቀና ብሎ ሰውየውን አየ። ጣቶቹ በቀኝ ጎኑ ቀስ ብለው አንድ ነገር አሹ፣ ተዉት፣ ደግሞ አሹት።

ሳቢዲዮስ መጀመሪያ ፈገግ ሊል ሞከረ። ፈገግታው መንገድ ላይ ቀረ። ከዚያ ተንበረከከ።

ፊሌሮስም ዞሮ የመቶ አለቃውን አየ።

የመቶ አለቃው ተረከዝ ገጠመ። ጀርባው ቀና አለ፣ አገጩ ወጣ፣ ቀኝ እጁ ባለቤቱን ሳይጠይቅ ለሰላምታ ተነሣ። ዘጠኝ ዓመት ሲነሣ የኖረ እጅ ነው። እዚያው ከፍ እንዳለ ቆየ። ሰውየው የሠራውን ያወቀው እጁ አየር ላይ ሳለ ነበር፤ ፊቱ ቀላ፣ ከዚያ ነጣ፣ ከዚያ እጁን አንድ ጣት በአንድ ጣት ያህል ቀስ አድርጎ አወረደው።

«አየህ?» አለ ሳቢዲዮስ ከወለሉ ላይ፣ ድምፁን እየፈለገ። «አየህ ጌታዬ፣ በቄሣር ሲቀልድ!»

«ሲቀልድ?» አለ የመቶ አለቃው።

«ግልጽ ቀልድ ነው!»

«እኔ እንግዲህ ለቀልድ ነው ሰላምታ የሰጠሁት?»

ሳቢዲዮስ አላሰበበትም ነበር።

«ንገረኝ እንጂ። ጽላትህ ላይ ጻፈው። የመርከብ ሠራዊት የመቶ አለቃ፣ በእንዲህ ያለ ቀን፣ ለአንድ አጫዋች እጁን አነሣ ብለህ ጻፍ። እኔም ከሳሹ ተንበርክኮ ነበር እላለሁ።»

ሳቢዲዮስ ጽላቱን ዘጋ። ፊሌሮስ ግን ፊቱን አላወለቀም። አውልቅ ያለው የለምና።

ይሄኔ ከሚሴኑም በኩል መለከት ተነፋ። አንድ ሳይሆን የጦር ሰፈሩ መለከት ሁሉ። ጥቂት ቆይቶ አንድ መርከበኛ እያለከለከ ከበሩ ደረሰ።

«የመቶ አለቃ! ሞቷል። አሁንስ እውነት ሞቷል። ሠራዊቱ ለጋይዮስ ምሏል!»

ማንም ፊቱን በምን ልክ እንደሚያደርገው አያውቅም። ማዘን ለአዲሱ ስድብ ነው፤ መደሰት ደግሞ፣ አራተኛ ወሬ መጥቶ አሮጌው ከተነሣ፣ ሞት ያስፈርዳል። ሁሉም አንዱ እስኪጀምር ይጠብቃል።

«ልጀምር ወይስ ልተው?» አለች አምፕሊያታ በሹክሹክታ። ለቅሶ ማለቷ ነው።

«ተይው» አለ የመቶ አለቃው።

ሳቢዲዮስ ጉልበቱን እያራገፈ ተነሣ። ዓይኑ ውስጥ ሥራ ተመልሷል። «እንግዲህ ይህ ሰው ቄሣር ይሄዳል ያልኩ ብቸኛው እኔ ነኝ ብሏል። በምስክር ፊት። ለአዲሱ ጌታችን ይህ...»

«ሳቢዲዮስ» አለ የመቶ አለቃው።

«አቤት?»

«ያንተ ጉልበት ለማን ነበር የታጠፈው?»

ሳቢዲዮስ በሩን ሳይዘጋ ወጣ።

የመቶ አለቃው ወደ ፊሌሮስ ዞረ። «አውልቀው።»

«አራተኛ ወሬ ቢመጣስ ጌታዬ?» አለ ፊሌሮስ ከሰሙ ሥር። «ይቅርታ ያድርጉልኝ። ትእዛዙ ከየትኛው ቄሣር እንደሆነ ይንገሩኝና አወልቃለሁ።»

የመቶ አለቃው አሰበበት። ጠዋት እሱም ይህንኑ ጠይቆ ቢሆን ኖሮ ባልሮጠ። ከዚያ ቀረብ ብሎ፣ ከቆሰለ ጓደኛ ራስ ላይ የራስ ቁር እንደሚያወልቁት በሁለት እጁ ፊቱን ራሱ አወለቀው። የፊሌሮስ የቀኝ ቅንድብ ግማሹ ሰሙ ላይ ቀረ።

«ይሄ ከእኔ ጋር ይሄዳል» አለ፣ በካባው እየጠቀለለው። «እዚህ ቤት አልነበረም። እኔም አልመጣሁም።»

«አልመጡም» አለች አምፕሊያታ።

«ሌላ ደግሞ። አዲሱን እንዳታጠናው። ሃያ አራት ዓመቱ ነው፤ ጤነኛ ነው። በዚህ በኩል ቢያልፍ ቤት ዋል።»

ሲሄድ ፊሌሮስ ሊቀመጥ ፈለገና አቃተው። አንገቱ ዝቅ አልል አለ። አምፕሊያታ ወንበር ላይ አስቀምጣ በወይራ ዘይት ታሸው ጀመር፤ አንገቱ ግን ግንድ ነው። ግራ ሊያይ ሲፈልግ መላ ገላውን ከነወንበሩ ያዞራል።

ውጭ ጫጫታው እንደገና ቀረበ። ያው የጠዋቱ ሕዝብ ነው፤ የጠዋቱ ወይን ጠጅም አለበት።

«ፊሌሮስ! ሽማግሌውን አውጣልን! ወደብ ወስደን ውሃ ውስጥ ልንጥለው ነው!»

«ኔቮሌዮስ ልኮን ነው!»

አምፕሊያታ ዘይት በነካው እጇ መስኮቱን ከፈተች።

«አይወጣም» አለች። «ታሟል።»

«ምን ነክቶት? አሁን ደህና አልነበር እንዴ?»

«አንገቱን ነው።»

ውጭ ያሉት ተያዩ። ሸክላ ሻጩ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «ይድናል ወይስ...?» አለ።

አምፕሊያታ ወደ ኋላዋ ዞራ ባሏን አየችው። ሰውየው ግድግዳውን እያየ ቀጥ ብሎ ተቀምጧል፤ ጣቶቹ ጉልበቱ ላይ ገና ይንቀሳቀሳሉ።

«ገና አልታወቀም» አለችና መስኮቱን ዘጋችው።